የግሎሪያ ሾማን መቀስ፦ ስለ አንዲት የሜክሲኮ ፊልም ኤዲተር ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

የድሮ የሜክሲኮ ፊልም የሚወድ ሰው ተዋናይቷን ማሪያ ፌሊክስን ያውቃል። ዶሎሬስ ዴል ሪዮንም ያውቃል። ትንሽ ገባ ያለው ደግሞ ካሜራማኑን ጋብሪዬል ፊጌሮአን ይጠራል። ፊልሙን ቆርጦ የቀጠለውን ሰው የሚጠራ ግን ከስንት አንድ ነው። ስለ ግሎሪያ ሾማን ባወራሁ ቁጥር የሚነሱት ጥያቄዎች ደግሞ ተመሳሳይ ናቸው። ስለዚህ መልሶቹን አንድ ቦታ ሰብሰብ አድርጌያቸዋለሁ። አንዳንዱ መልስ ረዘም ይላል፤ ጥያቄው ስለሚገባው ነው። ዓመተ ምህረቱ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር መሆኑን ከወዲሁ ልብ በሉልኝ።

ግሎሪያ ሾማን ማን ናት?

ሜክሲኳዊት የፊልም ኤዲተር ናት። በ1910 ተወልዳ በ2006 አረፈች። ከ200 በላይ ፊልሞች ኤዲት አድርጋለች።

የሜክሲኮ ሲኒማ «ወርቃማ ዘመን» የሚባል ነገር አለው። በግርድፉ ከ1930ዎቹ አጋማሽ እስከ 1950ዎቹ አጋማሽ ያለው ጊዜ ነው። የዚያን ዘመን ዝነኛ ፊልሞች በዝርዝር ብታወጡ የእሷ ስም እየደጋገመ ይመጣባችኋል። «ማሪያ ካንዴላሪያ»፣ «ላስ አባንዶናዳስ»፣ «ኤናሞራዳ»፣ «ላ ፔርላ»፣ «ሪዮ ኤስኮንዲዶ»፣ «ሳሎን ሜክሲኮ»። እነዚህ ሁሉ «ኤል ኢንዲዮ» በሚል ቅጽል የሚታወቀው የኤሚሊዮ ፈርናንዴስ ሥራዎች ናቸው። ሁሉንም የቆረጠችው እሷ ናት። ከዚያም በ1960 የሮቤርቶ ጋቫልዶንን «ማካሪዮ» ሠራች። ይሄ ፊልም በውጭ ቋንቋ ፊልም ዘርፍ ለኦስካር የታጨ የመጀመሪያው የሜክሲኮ ፊልም ነው።

ያኔ ኤዲተር የሚሠራው ሥራ ምን ይመስል ነበር?

ዛሬ ላፕቶፕ ይከፈታል፣ ክሊፑ በማውዝ ይጎተታል፣ ካልጣመ ወደ ኋላ ይመለሳል። ማንም አይጎዳም። ያኔ ፊልም በእጅ የሚዳሰስ ነገር ነበር። ስፋቱ 35 ሚሊሜትር የሆነ ጥቅልል ነው። በሰከንድ 24 ፍሬም፣ ማለትም 24 ነጠላ ምስል ያልፋል። በአንድ ፉት ርዝመት ላይ ደግሞ 16 ፍሬም አለ። ስለዚህ አንድ ሰከንድ ማለት አንድ ፉት ተኩል፣ በእኛ ልክ አንድ ክንድ ገደማ ነው። ልምድ ያለው ኤዲተር ጊዜን በእጁ ይለካ ነበር ሲባል ቀልድ አይደለም። ሦስት ሰከንድ ላሳጥር ካለ ሦስት ክንድ ያህል ፊልም ወለል ላይ ይወድቃል።

በካሜራው ውስጥ ያለፈው ኔጌቲቭ ላብራቶሪ ይቀመጣል። እሱን ማንም አይነካውም። ኤዲተሯ የምትሠራው ከሱ በታተመ ኮፒ ነው። ድምጹ ደግሞ በሌላ ፊልም ላይ ለብቻው ይመጣል። ያቺ በየቀረጻው መጀመሪያ «ጧ!» የምትለው የእንጨት ክላፐር ሥራዋ እዚህ ላይ ነው። እንጨቱ የተጋጨበት ፍሬም ይፈለጋል፣ ድምጹ «ጧ» ያለበት ቦታም ይፈለጋል፣ ሁለቱ ይገጣጠማሉ። ከዚያ ወደ ሙቪዮላው። ሙቪዮላ ፊልሙን በትንሽ መስኮት የሚያሳይ፣ በእግር ፔዳል የሚነዳ፣ ጩኸቱ የማይጣል ማሽን ነው። የመቁረጫው ቦታ በሰም እርሳስ ይሰመርበታል። ይቆረጣል። የፊልሙ ጠርዝ ይፋቃል፣ በሲሚንቶ ይጣበቃል። ሲሚንቶ የሚሉት የፊልም ማጣበቂያ ነው እንጂ የግንበኛውን አይደለም።

ችግሩ የሚመጣው ሐሳብ ሲቀየር ነው። የተጣበቀውን እንደገና ለመክፈት ሲሞከር ፍሬም ይጎዳል። ስለዚህ ከመቁረጥ በፊት ብዙ ይታሰባል። እኔን የሚገርመኝም ይሄ ነው። የዛሬ ኤዲተር ሃያ ዓይነት ሞክሮ ይመርጣል። ሾማን ግን ሾቱን (ካሜራው ሳይቋረጥ የቀረጸውን አንድ ቁራጭ) ደጋግማ አይታ፣ በጭንቅላቷ ቆርጣ፣ ከዚያ ነው እጇን የምታነሳው።

አንድ ትዕይንት ወደ ሌላው ቀስ ብሎ የሚሟሟበት ነገር አለ አይደል? እሱን ኤዲተሯ ራሷ አትሠራውም ነበር። በኮፒው ላይ በእርሳስ መስመር አስምራ ለላብራቶሪ ታዛለች። ውጤቱን የምታየው በኋላ ነው። ሁሉም ሲያልቅ ኔጌቲቩ በጠርዙ ላይ በታተሙት ቁጥሮች እየተመራ ከእሷ ኮፒ ጋር አንድ ዓይነት ሆኖ ይቆረጣል። እዚያ ላይ የተሳሳተ ሰው መመለሻ የለውም።

በነገራችን ላይ እስከ 1950ዎቹ መጀመሪያ ድረስ አብዛኛው ፊልም ናይትሬት ነበር። በቀላሉ ይቀጣጠላል። እዚያ ክፍል ውስጥ ሲጋራ መለኮስ እብደት ነው።

200 ፊልም? አልተጋነነም?

አልተጋነነም። በአርባ ዓመት ብናካፍለው በዓመት አምስት ነው። ይሄ ለዚያ ዘመን ሜክሲኮ የሚደነቅ እንጂ የማይታመን ቁጥር አይደለም።

ምክንያቱ ደግሞ አለው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ጥሬ ፊልም በጣም ተወድዶ ነበር። አሜሪካ ከጎኗ ለቆመችው ሜክሲኮ አቀረበች፤ ገለልተኛ ነኝ ያለችውን አርጀንቲናን አጠበቀችባት። ሆሊውድም ሐሳቡ ጦርነቱ ላይ ነበር። የስፓኒሽ ተናጋሪው ዓለም ሲኒማ ቤት ደግሞ ፊልም ይፈልጋል። ሜክሲኮ ይህን ክፍተት ያዘችው። በ1945 የቹሩቡስኮ ስቱዲዮዎች ተከፈቱ። በ1950 አካባቢ አገሪቱ በዓመት ከመቶ በላይ ፊልም ታወጣ ነበር። አንድ ፊልም በሦስትና በአራት ሳምንት ተቀርጾ ያልቃል። ያ ሁሉ ቀረጻ እጅ ይፈልጋል።

እጁ ደግሞ ጥቂት ነበር። በ1945 የፊልም ፕሮዳክሽን ሠራተኞች ማኅበር ተቋቋመ። ተዋናዮቹን ካንቲንፍላስንና ሆርሄ ኔግሬቴን፣ እንዲሁም ፊጌሮአን የመሰሉ ሰዎች ከፊት የነበሩበት ማኅበር ነው። ውስጥ ለነበረ ሰው ጋሻ ነው፤ ሥራም መብትም ያገኛል። ውጭ ለቀረ ወጣት ግን በሩ ዝግ ነው። ስለዚህ የአገሪቱ ፊልም ሁሉ በጥቂት ኤዲተሮች እጅ ያልፋል። ሾማን፣ ካርሎስ ሳቬጅ፣ ሆርሄ ቡስቶስ፣ ራፋኤል ሴባዮስ። የዚያን ዘመን ክሬዲት ደጋግሞ ያየ ሰው እነዚህን ስሞች በቃሉ ይይዛቸዋል።

እውነቱን እንነጋገር ከተባለ 200ዎቹ ሁሉ ድንቅ አይደሉም። ኮሜዲ አለ፣ ባለ ሶምብሬሮዎቹ የሚዘፍኑበት አለ፣ የካባሬ (የምሽት ቤት) ድራማ አለ። ብዙዎቹ ለሳምንት ገበያ የተሠሩ ናቸው። ግን እኔ እነሱንም ቢሆን አልንቃቸውም። ደካማ ቀረጻ ላይ የተሠራ እጅ ጥሩ ቀረጻ ሲያገኝ ምን እንደሚያደርግ ያውቃል።

ፊጌሮአ እያንዳንዱን ሾት ሥዕል ካደረገው ለኤዲተሯ ምን ቀረላት?

ጥሩ ጥያቄ ነው፤ ብዙ ጊዜም እንደ ማፌዣ ነው የሚቀርበው። የፈርናንዴስና የፊጌሮአ ፊልም ምልክቱ ይታወቃል። ሰማዩ ሦስት አራተኛውን ስክሪን ይይዛል፤ ደመናው ይከመራል። ከታች ቃጫ ቅጠልና አንድ በነጠላ የተሸፈነች ሴት። ፊቶቹ ከድንጋይ የተጠረቡ ይመስላሉ። እንዲህ ያለ ሾት ሲገኝ መቁረጥ ያሳሳል።

የኔ አቋም ይሄ ነው፦ የሾማን ጥበብ ያለው ከመቁረጡ ይልቅ በማቆየቱ ላይ ነው። ቆንጆ ሾት ከልኩ በላይ ከቆየ ፖስትካርድ ይሆናል፤ ታሪኩ ይቆማል። ቶሎ ከተቆረጠ ደግሞ ያ ሁሉ የፊጌሮአ ድካም ገደል ገባ። ልኩ የት እንደሆነ የሚያውቅ ሰው ያስፈልጋል።

«ኤናሞራዳ»ን እንውሰድ፤ የ1946 ፊልም ነው። ጄኔራል ሆሴ ሁዋን ሬዬስ የቾሉላን ከተማ ይይዛል። ተዋናዩ ፔድሮ አርሜንዳሪስ ነው። የአንድ ሀብታም ልጅ ይወድዳል፤ እሷ ማሪያ ፌሊክስ ናት። ልጅቷ እሳት ናት። ትሰድበዋለች፣ በጥፊ ታጮለዋለች። አንድ ሌሊት ሙዚቀኞች ይዞ ከመስኮቷ ሥር ይመጣል። ትሪዮው «ማላጌኛ»ን መዝፈን ይጀምራል። እሷ ተኝታለች። ከዚያ ዓይኖቿ ብቻ ስክሪኑን ይሞሉታል። ተከድነዋል። ቀስ ብለው ይገለጣሉ።

በቃ፤ የሚሆነው ይሄው ነው። ማንም አያወራም። ዘፈኑ ይቀጥላል፤ ምስሉ ወደ ታች ወደ ጄኔራሉ ይሄዳል፣ ወደ ዓይኖቿ ይመለሳል። ከዚያ በፊት ለአንድ ሰዓት ያህል ስትጠላው ያየናት ሴት ምንም ሳትናገር ልቧ ሲንሸራተት እናያለን። ዓይኖቹ ትንሽ ቀደም ብለው ቢቆረጡ አንገረምም። ብዙ ቢቆዩ ትወናው ይጋለጣል። ማሪያ ፌሊክስ ቆንጆ ናት፣ ፊጌሮአም መብራቱን አሳምሮታል። ልቧ ሲንሸራተት ያየነው ግን በቆይታው ልክ ነው።

መጨረሻውንም እዩት። ቤት ውስጥ የጋብቻ ውል ሊፈረም ነው፤ ከሌላ ሰውዬ ጋር። ውጭ የጄኔራሉ ጦር ከተማውን እየለቀቀ ነው። መድፍ ይሰማል። የሚያልፉት ወታደሮች ጥላ በቤቱ ግድግዳ ላይ ይሄዳል። የአንገቷ የዕንቁ ሐብል ይበጠስና ይበተናል። ከዚያ ትሮጣለች። ፈረሱ ላይ ያለውን ጄኔራል ደርሳ በእግሯ ከጎኑ ትሄዳለች። ይህን ትዕይንት ድምጹን ዘግታችሁ እዩት። ጥላ፣ ፊት፣ ብዕር፣ ጥላ። የሚያጣድፋት ሰው የለም፤ የሚያጣድፋት ቅደም ተከተሉ ነው።

«ማካሪዮ» ውስጥ ደግሞ ሌላ ዓይነት ችግር አለ። ማካሪዮ የታመመ ሰው አልጋ ዘንድ ሲገባ ሞትን ያያል። ሞት በግርጌ ከቆመ ሕመምተኛው ይድናል፤ በራስጌ ከሆነ አለቀለት። ክፍሉ ውስጥ ያሉት ሌሎች ሰዎች ግን ምንም አያዩም። ይሄ ዛሬ በኮምፒውተር ውጤት ሊሠራ ይችላል። ያኔ የማካሪዮ ዓይን፣ ከዚያ የአልጋው ጫፍ፣ ከዚያ እንደገና ፊቱ ነው። ማን እንደሚያይና ማን እንደማያይ የሚነግረን የሾቶቹ ተራ ነው። ተራው ቢዛነፍ ሞት አንድ ጥግ ላይ የቆመ ተራ ሰውዬ ሆኖ ይቀር ነበር።

ሴት ሆና እንዲህ ያለ ሥራ እንዴት አገኘች?

የኤዲቲንግ ክፍል በብዙ አገር ለሴቶች ከካሜራው ቀድሞ የተከፈተ ቦታ ነው። ሆሊውድም ውስጥ እንደ ማርጋሬት ቡዝና አን ባውከንስ ያሉ ትልልቅ ኤዲተሮች ነበሩ። ምክንያቱ የሚያስመሰግን አይደለም። መጀመሪያ ላይ ሥራው እንደ ልብስ ስፌት፣ ትዕግሥትና ቀጭን ጣት የሚፈልግ የጓዳ ሥራ ተደርጎ ይታይ ነበር። ጓዳው ውስጥ የፊልሙ ትንፋሽ እንደሚወሰን ያወቁት ውስጥ ያሉት ብቻ ናቸው።

በሜክሲኮ ልዩነቱን ለማየት ማቲልዴ ላንዴታን ማስታወስ ነው። ከ1930ዎቹ ጀምሮ ስክሪፕት ተቆጣጣሪ ሆና የሠራች፣ ሥራውን አብጠርጥራ የምታውቅ ሴት ናት። ዳይሬክተር ልሁን ስትል ግን ግድግዳ ገጠማት። እንደ ምንም ብላ በ1940ዎቹ መጨረሻና በ1950ዎቹ መጀመሪያ ሦስት ፊልሞች ሠራች። አራተኛውን ረጅም ፊልሟን የሠራችው በ1990ዎቹ መባቻ ነው። አርባ ዓመት! ሾማን ግን ከዚያ ውስጥ አብዛኛውን ጊዜ ትሠራ ነበር። ኢንዱስትሪው ሴት ፊልሙን እንድትቀርጸው አይፈቅድም እንጂ ብትጨርሰው አይጨነቅም ነበር። እኔ ይሄን እንደ ክብር አልቆጥረውም።

ሽልማት አግኝታለች?

አዎ። የሜክሲኮ የፊልም አካዳሚ በ1946 ተመሠረተ፤ «አሪየል» የተባለውን ሽልማት በ1947 መስጠት ጀመረ። ሾማን በ«ኤናሞራዳ» የኤዲቲንግ አሪየል ወስዳለች።

ግን አንድ የሚያናድድ ነገር ልንገራችሁ። አሪየል ከ1958 በኋላ ተቋርጦ እስከ 1972 አልተሰጠም። «ማካሪዮ» የወጣው በ1960 ነው። ስለዚህ ምናልባት ምርጥ ሥራዋ በሆነው ፊልም በገዛ አገሯ የሚሸልማት መድረክ እንኳ አልነበረም። በፈረንሳዩ የካን ፊልም ፌስቲቫል ላይም ነገሩ እንዲሁ ነው። «ማሪያ ካንዴላሪያ» በ1946 ትልቁን ሽልማት ከሌሎች አሥር ፊልሞች ጋር ተጋርቷል። ፊጌሮአም ለካሜራ ሥራው ተሸልሟል። ለኤዲቲንግ ግን ካን መደበኛ ሽልማት የለውም።

«ላ ፔርላ» ሁለት ፊልም ነው የሚባለው እውነት ነው?

ሁለት ቋንቋ ነው። የጆን ስታይንቤክን ታሪክ ይዞ በስፓኒሽም በእንግሊዝኛም ተቀርጿል። ተዋናዮቹ አንድ ናቸው፤ ንግግሩ ሁለት ጊዜ ይባላል። ለኤዲተር ይሄ ራስ ምታት ነው። ቋንቋ ሲቀየር የአፍ እንቅስቃሴ ይቀየራል፣ የዓረፍተ ነገሩ ርዝመትም ይቀየራል። በአንዱ የሠራ ቆረጣ በሌላው ላይ ላይሠራ ይችላል።

የዳይሬክተሩ የሉዊስ ቡኙዌልም ኤዲተር እሷ ነበረች?

በአብዛኛው አይደለችም። ቡኙዌል በሜክሲኮ ከሠራቸው ፊልሞች አብዛኞቹን የቆረጠው ካርሎስ ሳቬጅ ነው። «ሎስ ኦልቪዳዶስ»፣ «ናሳሪን»፣ «ኤል አንሄል ኤክስተርሚናዶር» የሱ ናቸው።

ቡኙዌል ሲቀርጽ ቆጣቢ ነበር። ሲቀርጽ በጭንቅላቱ ቆርጦ ስለሚጨርስ ኤዲቲንጉ ጥቂት ቀን ነው የሚወስድበት። ይሄ ግን ለኤዲተሩ ቀላል ማለት አይደለም። በ1962ቱ «ኤል አንሄል ኤክስተርሚናዶር» መጀመሪያ ላይ እንግዶቹ ወደ ቤቱ ይገባሉ። ጥቂት ቆይቶ እንደገና ይገባሉ። ያው ሰዎች፣ ያው አዳራሽ። ፊጌሮአ የመጀመሪያውን ኮፒ አይቶ ደንግጦ ቡኙዌልን ለብቻው ጠራው፦ ትዕይንቱ ሁለት ጊዜ ገብቷል አለው። ቡኙዌል በትዝታ መጽሐፉ ላይ ይሄን እየሳቀ ነው የሚያወራው። ሁለቱንም የቀረጸው ራሱ ፊጌሮአ ሆኖ ሳለ፣ እንዲህ ያለ ግልጽ ስህተት ከኔም ከኤዲተሩም እጅ ያመልጣል ብሎ እንዴት አሰበ ይላል።

ስለ «ሎስ ኦልቪዳዶስ» ደግሞ ይሄን ጨምሩበት። በ1950 መጨረሻ ላይ ሲወጣ የአገር ስም አጠፋ ተብሎ በጥቂት ቀን ከሲኒማ ቤት ወረደ። በዓመቱ ካን ላይ ቡኙዌል በምርጥ ዳይሬክተርነት ሲሸለም ነገሩ ተገለበጠ። የምናውቀው መጨረሻ ጨካኝ ነው። ትንሹ ፔድሮ ይገደላል፤ ሬሳው በአህያ ተጭኖ ቆሻሻ መጣያ ላይ ይጣላል። ከአርባ ዓመታት በላይ ቆይቶ ግን ሌላ መጨረሻ የተቀረጸበት ፊልም ተገኘ። በዚያኛው ፔድሮ ይተርፋል፣ ገንዘቡን ይዞ ወደ ማረሚያ ትምህርት ቤቱ ይመለሳል። ሳንሱሩ ቢከብድ ተብሎ የተቀመጠ መጠባበቂያ ነበር። ሁለቱን አከታትላችሁ ብታዩ ኤዲቲንግ ምን ያህል ሥልጣን እንዳለው ሌላ ማስረጃ አያስፈልጋችሁም። የመጨረሻዋን ጥቂት ደቂቃ ቀይሩ፤ ፊልሙ በሙሉ የተቃውሞ ጩኸት መሆኑ ቀርቶ የመንግሥት ምክር ይሆናል።

ከሷ በኋላ የመጡት የሜክሲኮ ኤዲተሮችስ?

በርከት ይላሉ። የምወዳቸውን ብቻ ልጥቀስ።

ካርሎስ ቦላዶ በ1992 ዓለምን የዞረውን «ኮሞ አጉዋ ፓራ ቾኮላቴ» ኤዲት ካደረጉት አንዱ ነው። በኋላ ራሱ ዳይሬክተር ሆነ። ስለ እስራኤላውያንና ፍልስጥኤማውያን ልጆች የሚያወራውን፣ ለኦስካር የታጨውን «ፕሮሚስስ» ዶክመንተሪ ከሠሩት ሦስቱም አንዱ እሱ ነው። ሉዊስ ካርባያር በ2000 «አሞሬስ ፔሮስ» ላይ ከዳይሬክተሩ ከኢኛሪቱ ጋር ሠርቷል። የመኪና አደጋዋን የምታስታውሱ ታውቁታላችሁ። ሦስት ታሪክ በአንድ አደጋ ላይ ይገናኛል፤ አደጋዋን ደጋግመን ከተለያየ ጎን እናያታለን። ያ በኤዲቲንግ የተሠራ ሕንፃ ነው።

አሌክስ ሮድሪጌስ ደግሞ በተቃራኒው ነው። ከዳይሬክተሩ ከአልፎንሶ ኩዋሮን ጋር «ኢ ቱ ማማ ታምቢየን»ን ሠራ። ረጅም ረጅም ሾት፤ ቆረጣው ጥቂት። «ቺልድረን ኦቭ ሜን» ላይ ሁለቱ አብረው ለኤዲቲንግ ኦስካር ታጭተዋል። ኩዋሮን በ2014 «ግራቪቲ» ላይ ከማርክ ሳንገር ጋር የኤዲቲንግ ኦስካሩን ወሰደ። «ሮማ»ንም ከአዳም ጎፍ ጋር ራሱ ነው የቆረጠው።

የራስን ፊልም ራስ መቁረጥ ያዋጣል ወይ የሚል ክርክር አለ። የኛው ኃይሌ ገሪማም «ሳንኮፋ»ን ራሱ ነው ኤዲት ያደረገው፤ ስለዚህ አይሆንም ማለት አይቻልም። እኔ ግን ሌላ ሰው ቢኖር እመርጣለሁ። ያንን ሾት ለማግኘት ዝናብ ላይ ስድስት ሰዓት የቆመ ሰው ሾቱን መጣል ይከብደዋል። ኤዲተር ዝናቡ ላይ አልነበረም። የሚያየው ስክሪኑ ላይ ያለውን ብቻ ነው።

ዛሬ በሜክሲኮ ኤዲተር መሆን የሚፈልግ ሰው የት ይማራል?

ሁለት ትልልቅ ትምህርት ቤቶች አሉ። አንዱ በብሔራዊው ዩኒቨርሲቲ፣ በኡናም ሥር በ1963 የተከፈተው ኩኤክ ነው። ኩዋሮን እዚያ ተምሯል። ከ2019 ጀምሮ ኤናክ ይባላል። ሌላው በ1975 የተመሠረተው ሴሴሴ የሚባለው የመንግሥት የፊልም ማሰልጠኛ ማዕከል ነው። መግቢያ ፈተናቸው ከባድ ነው፤ የሚቀበሉትም ጥቂት ሰው ነው።

ሾማን በጀመረችበት ጊዜ ከነዚህ አንዱም አልነበረም። ሙያው የሚወረሰው ከሰው ነበር። ረዳት ሆኖ መግባት፣ ቁርጥራጭ መስቀል፣ ጥቅልል መሰየም፣ ዝም ብሎ ማየት። ዛሬም ቢሆን መንገዱ ብዙም አልተቀየረም። ረዳት ኤዲተሩ ፋይል ይገለብጣል፣ ድምጽና ምስል ያገጣጥማል፣ ፎልደሩን ያደራጃል። ሶፍትዌሩ አቪድ ይሁን ፕሪሚየር ወይም ዳቪንቺ፣ ለአለቃዋ የምትፈልገውን ቴክ (ከየሾቱ ድግግሞሽ ቀረጻዎች አንዱን) በአሥር ሰከንድ ማውጣት የቻለ ረዳት ነው የሚያድገው።

ፊልሞቹ ዛሬም አሉ?

ብዙዎቹ አሉ፤ ግን ተአምር ነው ማለት ይቻላል። ማርች 24 ቀን 1982 የሜክሲኮ ሲቲው ብሔራዊ የፊልም ማከማቻ፣ ሲኔቴካ ናሲዮናል ተቃጠለ። የሰው ሕይወት ጠፋ፤ በሺህ የሚቆጠሩ ፊልሞችም ወደሙ። ያ ናይትሬት ያልነው ነገር የዚያን ቀን ባሕሪውን አሳየ። ኡናም የራሱን ፊልሞቴካ ከ1960 ጀምሮ ማደራጀቱና ሌሎች ኮፒዎች በየቦታው መኖራቸው ብዙ አዳነ።

«ኤናሞራዳ» ታድሶ በ2018 ካን ላይ በጥንታውያን ፊልሞች ክፍል ታይቷል። አሜሪካዊው ዳይሬክተር ማርቲን ስኮርሴዚ ነው ያስተዋወቀው። የታደሰውን ኮፒ ካገኛችሁ አትለፉት። በድሮው የደበዘዘ ቪዲዮ የጥላው ትዕይንት ጭራሽ አይታይም ነበር።

ከየትኛው ልጀምር? የአማርኛ ሰብታይትልስ አለ?

የአማርኛ ሰብታይትል እኔ አላጋጠመኝም። እንግሊዝኛ ግን አይጠፋም።

ድራማ ከወደዳችሁ ከ«ኤናሞራዳ» ጀምሩ፤ ያስቃልም። ተረት የሚመስል ነገር ከፈለጋችሁ «ማካሪዮ»። ዳንስና የምሽት ቤት ከሆነ «ሳሎን ሜክሲኮ»። ዳንሶን የሚባለው ዳንስ ውድድር ላይ እግሮቹንና ፊቶቹን እንዴት እንደምታፈራርቃቸው ተመልከቱ። «ማሪያ ካንዴላሪያ»ን ለመጨረሻ አቆዩት። የሶቺሚልኮ ቦዮችና አበባ የጫኑ ጀልባዎች ያማሩ ናቸው፤ ግን ችቦ የያዘው ሕዝብ ዶሎሬስ ዴል ሪዮን ሲያሳድዳት ማየት ይከብዳል። ልጆች አጠገብ ካሉ ያን ክፍል ዝለሉት።